በሰው መካከል ሰው ማጣት

(ለዐቢይ ጾም አራተኛ ሳምንት፣ ለመፃጉዕ የተዘጋጀ)

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።

ይህ ሳምንት መፃጉዕ ይባላል። ቅዱስ ያሬድ በጾመ ድጓው ለእያንዳንዱ ሳምንት ስም ሰጥቶታል፤ ዘወረደ፣ ቅድስት፣ ምኩራብ እያልን መጥተን አሁን መፃጉዕ ላይ ደርሰናል። ብዙዎቻችን መፃጉዕ የሰውየው ስም ይመስለናል። አይደለም። መፃጉዕ ማለት ድውይ፣ በሽተኛ ማለት ነው። የሰውየውን ስም ወንጌሉ አልነገረንም። 38 ዓመት ሙሉ በአንድ ቦታ የተኛ ሰው በበሽታው እንጂ በስሙ የሚጠራው አልነበረም ማለት ነው። ይህችን ነገር ያዙልኝ፤ ወደ ታች እንደርስባታለን።

ታሪኩ በዮሐንስ ወንጌል ምዕራፍ 5 ላይ ይገኛል። በኢየሩሳሌም ከተማ በበጎች በር አጠገብ ቤተ ሳይዳ የምትባል መጠመቂያ ነበረች። አምስት መመላለሻ ነበራት። በእነዚህ መመላለሻዎች ዕውሮች፣ አንካሶች፣ ሰውነታቸው የሰለለ ሰዎች ተኝተው የውኃውን መናወጥ ይጠባበቃሉ። መልአኩ ወርዶ ውኃውን ሲያናውጠው ቀድሞ የገባው ይድናል። አንድ ሰው ብቻ! ሁለተኛ የደረሰ ወደ ምንጣፉ ይመለሳል። ከእነርሱ መካከል 38 ዓመት የታመመ ሰው ነበር። ጌታችን በዚህ ምድር የተመላለሰው 33 ዓመት ከ3 ወር ነው። እንግዲህ አስቡት፤ ይህ ሰው አልጋ ላይ ሲወድቅ ጌታ ገና በቤተ ልሔም አልተወለደም።

ጌታችን ሊድን ይወድ እንደሆነ ጠየቀው። ሰውየው አዎን አላለም፤ አይ አላለም። ውኃው ሲናወጥ ወደ መጠመቂያው የሚያወርደው ሰው እንደሌለው፣ እርሱ እስኪደርስም ሌላው እንደሚቀድመው ነገረው (ዮሐ. 5፥7)። ይገርማል! ስለ እግሩ አላወራም፤ ስለ ወገቡ አላወራም፤ 38 ዓመት ስለ ቆየበት ደዌ አንድ ቃል አልተናገረም። ያወራው ስለ ሰው ነው። ከበሽታው ይልቅ ያቃጠለው ሰው ማጣቱ ነበር።

ይህ ሰው ያለው ደግሞ በበረሃ አይደለም። ዋሻ ውስጥም አይደለም። ታላቅ ከተማ ውስጥ፣ ያውም በበዓል ሰሞን ነው። በግራው ሰው አለ፣ በቀኙ ሰው አለ፣ በራስጌው ሰው ያልፋል። ግን አንድም ሰው የእርሱ አይደለም። በዚያ መጠመቂያ ዳር የተኛ ሁሉ ዓይኑ ውኃው ላይ ነው። ጎረቤቱን የሚያየው እንዳይቀድመው ብቻ ነው። እስቲ ንገሩኝ፤ ይህ እኛ የምንኖርበትን ከተማ አይመስልም?

ጠዋት መገናኛ ወይም ሜክሲኮ ላይ ቆማችሁ ተመልከቱ። የታክሲው ሰልፍ ሕንፃ ይዞራል። ሚኒባስ ውስጥ ስንገባ ጉልበታችን ከማናውቀው ሰው ጉልበት ጋር ተጣብቆ፣ ትከሻችን በትከሻው ላይ አርፎ ግማሽ ሰዓት እንሄዳለን። ሒሳብ ከኋላ ወደ ፊት በአምስት ሰው እጅ ያልፋል፤ መልሱም በዚያው በአምስት ሰው እጅ ይመለሳል። ግን አንዱ ጆሮው ላይ ማዳመጫ ሰክቷል፣ አንዱ ስልኩን ወደ ላይ ይገፋል፣ አንዷ በመስኮት እያየች በልቧ ታለቅሳለች። ከቤት ወጥተን ቤት እስክንገባ ለሰው የተናገርነው ቃል «ወራጅ አለ» ብቻ የሆነበት ቀን የለም? እኔ እንደማየው ብዙ ነው።

ከተማችን ከመጀመሪያው እንዲህ አልነበረችም። ዐፄ ምኒልክና እቴጌ ጣይቱ ከእንጦጦ ወደ ፍል ውኃ ወርደው በ1879 ዓ.ም. አዲስ አበባን ሲቆረቁሩ ሰው የተቀመጠው በየመኳንንቱ ዙሪያ ሰፈር ሰፈር እየሆነ ነው። ሰፈር የሚለው ቃል ራሱ አብሮ ከመስፈር የመጣ ነው። ባለጸጋው ግቢ አጠገብ የድኻው ጎጆ ነበረች፤ አጥር ይጋሩ ነበር፤ እሳት ይጫጫሩ ነበር። ከየአገሩ ወደ ከተማ የገባው ሰው ዘመድ አልነበረውም። ታዲያ ምን አደረገ? ዕድር አቋቋመ። ዕድርን ያጠኑ ሰዎች እንደሚሉት ዕድር ከገጠር የመጣ ሳይሆን ከተማ ውስጥ የተወለደ ነው። ቀባሪ የሌለው ስደተኛ ሁሉ ተሰብስቦ «አንተ ስትሞት እኔ እቀብርሃለሁ፤ እኔ ስሞት አንተ ትቀብረኛለህ» ብሎ ተማማለ ማለት ነው። የሚያወርደው ሰው ያልነበረው ሰው ለራሱ ሰው አበጀ። በየአጥቢያው ያለው የጽዋ ማኅበርና ሰንበቴም እንዲሁ ነው። እናቶቻችን በየወሩ በ12 ወይም በ21 ጽዋውን ተቀብለው ቤታቸው ሲያስገቡ የሚያስገቡት ዳቦና ጠላ ብቻ አልነበረም፤ ሰውን ነበር።

አሁን ሰፈሩ ተለውጧል። ከ1997 ዓ.ም. አካባቢ ጀምሮ የኮንዶሚኒየም ቤቶች ተሠርተው ሕዝቡ ወደ ጀሞ፣ ወደ ሰሚት፣ ወደ የካ አባዶ፣ ወደ ቱሉ ዲምቱ፣ ወደ ኮዬ ፈጬ ሄደ። በ2016 ዓ.ም. የኮሪደር ልማቱ ሲጀመር ደግሞ የፒያሳና የአራት ኪሎ፣ በ2017 ዓ.ም. የካዛንቺስ ነባር ነዋሪ ተነሥቶ ወደ ከተማው ዳር ተበተነ። ልማቱን ለመተቸትም ሆነ ለማመስገን አይደለም ይህን የምጽፈው፤ ያ የሌላ ሰው ሥራ ነው። እኔ የማየው ከመቅደሱ በር ላይ ሆኜ ነው። እሑድ እሑድ ሁለት ታክሲ ለውጠው፣ ገና ሳይነጋ ተነሥተው ወደ ቀድሞ አጥቢያቸው የሚመጡ አረጋውያን አሉ። ለምን አጠገብዎ ባለው ቤተ ክርስቲያን አያስቀድሱም ሲባሉ «እዚያ ማን ያውቀኛል ልጄ?» ይላሉ። ቅዳሴው አንድ ነው፤ ሥጋ ወደሙም አንድ ነው። እሳቸውም ያውቁታል። የሚፈልጉት ግን ከቅዳሴ በኋላ ዋርካው ሥር «እንዴት ሰነበቱ» የሚላቸውን ሰው ነው። ይህን እንደ ድካም የሚቆጥር ወንድም አለ። እኔ አልቆጥርም። ጌታ ራሱ በጌቴሴማኒ ደቀ መዛሙርቱ ከእርሱ ጋር እንዲነቁ ለምኗቸዋልና (ማቴ. 26፥38)።

የቤቱን ጉዳይ ካነሣን አይቀር፣ በ1997 ዓ.ም. የተመዘገበ፣ በ2005 ዓ.ም. ዳግመኛ የተመዘገበ፣ ከደመወዙ እየቆረጠ ሲቆጥብ የኖረ ሰው በየቤታችን አለ። ዕጣ በወጣ ቁጥር ስሙን ይፈልጋል። የራሱን ሲያጣ የሚያውቀውን ሰው ስም ያገኛል። ደውሎ «እንኳን ደስ ያለህ» ይላል። ስልኩን ከዘጋ በኋላ ግን ልቡ ውስጥ የሚሆነውን እርሱና እግዚአብሔር ያውቃሉ። መፃጉዕም 38 ዓመት ያየው ይህንኑ ነው፤ ሌላው ሲቀድመው። ዛሬ ጎኑ ተኝቶ የነበረው ነገ ዘልሎ ይሄዳል። ከዳኑት ውስጥ ታዲያ አንድ እንኳ ተመልሶ መጥቶ «ና እኔ ላውርድህ» ያለው አልተገኘም! የሚያሳዝነው ይህ ነው። እግር ያገኘ ሁሉ በእግሩ ከዚያ ቦታ ራቀበት።

በከተማችን የተዘጉ በሮች ጀርባ ያለውን ደግሞ እንመልከት። ከገጠር መጥቶ አንዲት ሰርቪስ ቤት የተከራየ ወጣት አለ። አከራዩ መብራቱን ይቆጥሩበታል፤ እንግዳ ማሳደር ክልክል ነው። በየዓመቱ ኪራይ ሲጨመርበት ፍራሹን ተሸክሞ ደላላ ይከተላል፤ ጎረቤት ከመልመዱ በፊት ሰፈር ይቀይራል። ማታ እናቱ ስትደውል «ደኅና ነኝ እማዬ፣ ሥራም ጥሩ ነው» ይላታል። ሥራ ካጣ ሦስት ወሩ ነው። ያችን ቃል ተናግሮ ስልኩን ሲያስቀምጥ ክፍሉ ምን ያህል ጸጥ እንደሚል የደረሰበት ያውቀዋል። ልበ አምላክ ዳዊት በዋሻ ሳለ ወደ ቀኙ ተመልክቶ የሚያውቀው፣ ስለ ነፍሱም የሚያስብለት ሰው እንዳጣ በመዝሙሩ ለእግዚአብሔር ነግሮታል (መዝ. 141፥4)። አንተ ወንድሜ ያንተም ክፍል ዋሻ ከሆነ ያንን መዝሙር ድገም። ለእናትህ ያልነገርከውን ለአምላክህ ንገር፤ ከዚያ ግን ለእናትህም ንገራት። እናት እውነቱን ብታውቅ አትሞትም፤ ይልቅ ትጸልይልሃለች።

ሌላዋ በሰው ቤት የምትሠራ እኅታችን ናት። ይህን ስጽፍ አንዳንድ አንባቢ ይቆጣኝ ይሆናል፤ ይቆጣ። ቤተሰቡ ነጠላውን አጣፍቶ ለማስቀደስ ሲወጣ እርሷ የጾሙን ሽሮ ለመሥራት ትቀራለች። እኛ ቅዳሴ ጠበል ጠጥተን፣ ቡራኬ ተቀብለን ስንመለስ ምግቡ ደርሶ ይጠብቀናል። ስትጠመቅ የተሰጣት የክርስትና ስም ማን እንደሆነ የሚያውቅ በቤቱ የለም። የንስሐ አባት አላት ወይ? የቆረበችው መቼ ነው? ማን ጠይቋት! ነቢዩ ኢሳይያስ እግዚአብሔር ስለሚወደው ጾም ሲናገር እንጀራን ለተራበ መቁረስንና ድኻውን ወደ ቤት ማስገባትን ካዘዘ በኋላ፣ ከገዛ ሥጋችን ከሆነው ሰው እንዳንሸሸግ ያስጠነቅቃል (ኢሳ. 58፥7)። በአንድ ቤት እያደሩም መሸሸግ ይቻላል ለካ!

ባለጸጋውም ቢሆን አልዳነም። አጥሩ ከፍ ብሏል፣ በላዩ ሽቦ ተዘርግቷል፣ በሩ ላይ ዘበኛ አለ። ልጆቹ አሜሪካና ካናዳ ናቸው፤ የልጅ ልጁን የሚያውቀው በስልክ መስታወት ነው። ሌባ እንዳይገባ የተሠራው አጥር ጎረቤትንም አስቀርቶበታል።

አንዳንዶቻችን እንግዲህ ይህን ሁሉ አይተን «ከተማ የኃጢአት ቦታ ነው፤ ጽድቅ ያለው በገዳም ነው» እንላለን። መጀመሪያ ከተማ የሠራው ቃየን መሆኑንም እንጠቅሳለን (ዘፍ. 4፥17)። እውነት ነው፤ ግን በዚያ ብቻ አያበቃም። እግዚአብሔር ዮናስን ወደ ነነዌ ከላከው በኋላ በከተማይቱ ላሉት ከ120 ሺህ ለሚበልጡ ሰዎች፣ ለእንስሳቱም ጭምር እንደሚራራ ነግሮታል (ዮናስ 4፥11)። ጌታችንም ቀርቦ ኢየሩሳሌምን ባየ ጊዜ አለቀሰላት እንጂ ፊቱን አላዞረባትም (ሉቃ. 19፥41)።

በዜና አበው የተጻፈ አንድ ታሪክ አለ። ታላቁ አባ መቃርስ በበረሃ ሲጸልይ፣ በአንዲት ከተማ የሚኖሩ የሁለት ሴቶችን ያህል ገና አልደረስክም የሚል ድምፅ ሰማ። ስንት ዘመን በጾምና በስግደት የደከመ አባት! በትሩን አንሥቶ ወደ ከተማ ሄደ፤ ቤታቸውን ጠይቆ አንኳኳ። ሁለት ወንድማማቾችን ያገቡ ተራ ባለትዳሮች ናቸው። ሥራችሁ ምንድን ነው ብሎ አጥብቆ ቢጠይቃቸው «እኛ ምን ሥራ አለን? ባለትዳሮች ነን» አሉት። እርሱ ግን አልተዋቸውም። በመጨረሻ እንዲህ ሆነ፦ ሁለቱ በሥጋ አይዛመዱም፤ በአንድ ቤት ሲኖሩ 15 ዓመት ሆኗቸዋል፤ በእነዚህ 15 ዓመታት አንዳቸው በሌላቸው ላይ ክፉ ቃል ተናግረው አያውቁም። መንነን ገዳም እንግባ ቢሉ ባሎቻቸው አልፈቀዱምና ባሉበት ሆነው አንደበታቸውን ለመጠበቅ ቃል ኪዳን ገቡ። አባ መቃርስ ይህን ሰምቶ እግዚአብሔር ድንግል ወይም ባለትዳር፣ መነኩሴ ወይም ዓለማዊ ብሎ እንደማይለይ፣ የሚያየው የእያንዳንዱን ፈቃድ እንደሆነ ተናግሮ እያደነቀ ተመለሰ።

በአንድ ግቢ አንድ ቧንቧ፣ አንድ መጸዳጃ ቤት ተጋርታችሁ የኖራችሁ እናቶቼ፣ 15 ዓመት ያለ አንዲት ክፉ ቃል ማለት ምን ማለት እንደሆነ ከእኔ ይልቅ ታውቁታላችሁ። እነዚያ ሴቶች ተአምር አላደረጉም። ድውይ አልፈወሱም። በጠባብ ቤት ውስጥ አንዷ ለሌላዋ ሰው ሆነችላት፤ ይኸው ነው። በኮንዶሚኒየም ግድግዳ የጎረቤታችን የሳል ድምፅ ሌሊት ይሰማናል። ቴሌቪዥኑ ሲጮህ ግድግዳውን በቡጢ እንመታለን፤ ሳሉን ስንሰማ ግን ጠዋት በሩን አናንኳኳም።

አንድ ጊዜ ከአንድ ቀሲስ ጋር ለጸሎተ ፍትሐት ወደ አንድ የጋራ መኖሪያ ቤት ሄድን። ያረፉት አንዲት አረጋዊት እናት ናቸው፤ አራተኛ ፎቅ ላይ ብቻቸውን ይኖሩ ነበር። ሕዝቡ መልካም ሕዝብ ነው፤ አልዋሽም። የሕንፃው ኮሚቴ ገንዘብ ሰብስቧል፣ መኪና ማቆሚያው ላይ ድንኳን ተተክሏል፣ ንፍሮው ተቀቅሏል፣ ሣጥኑ መጥቷል። ሁሉ ከተዘጋጀ በኋላ ቀሲስ «የክርስትና ስማቸው ማነው?» ብለው ጠየቁ። ዝም። ሰው እርስ በርሱ ተያየ። አንዱ ከመብራት ደረሰኝ ላይ የዓለም ስማቸውን አነበበ። ሌላው «እኛ እማማ ነው የምንላቸው» አለ። ልጃቸው አረብ አገር ናት፤ ቢደወልላት ስልኳ ዝግ ነው፤ ሥራ ላይ ስልክ አይፈቀድላትም ይሆናል። የንስሐ አባታቸው ማን እንደሆኑ የሚያውቅ አልተገኘም። ስምንት ዓመት በአንድ ደረጃ ሲወጡና ሲወርዱ የኖሩ ጎረቤቶች ናቸው። ፍትሐት ደግሞ በመብራት ደረሰኝ ስም አይደረግም።

በመጨረሻ ከሦስተኛ ፎቅ የምትሠራ ልጅ፣ ዐሥራ ስምንት ዓመት ቢሆናት ነው፣ ከበሩ ኋላ ቆማ «እኔ አውቃለሁ» አለች። ስሙን ነገረችን። ቀሲስ ሲጨርሱ ጠርተው እንዴት አወቅሽ አሏት። አንድ ቀን የእማማን ዘንቢል ተሸክማ እስከ ላይ አድርሳላቸው ነበር። እሳቸውም ከምርቃቱ በኋላ የክርስትና ስሟን ጠየቋት፤ ሲጸልዩ ሊያስቧት። የራሳቸውንም ሰጧት፤ እርሷም እንድታስባቸው። ከዚያ ቀን ጀምሮ በየሌሊቱ ከመተኛቷ በፊት ስማቸውን ትጠራ ነበር። በዚያች ትልቅ ሕንፃ ውስጥ ለእነዚያ እናት ሰው የሆነችላቸው እርሷ ነበረች። ለእርሷም ሰው የሆኑላት እሳቸው ነበሩ።

ስለዚህ ነው በመጀመሪያ መፃጉዕ ስም አይደለም ያልኩት። ድኻው፣ ዘበኛው፣ ሠራተኛዋ፣ የብሎክ 12ቷ ሴትዮ፣ ተከራዩ፣ የኔ ቢጤው፤ እነዚህ ሁሉ መፃጉዕ እንደሚለው ቃል ናቸው፤ የሰውየውን ችግር ወይም ሥራ ይናገራሉ እንጂ ሰውየውን አይጠሩም። ጌታችን ግን በጎቹን በየስማቸው እንደሚጠራ ነግሮናል (ዮሐ. 10፥3)።

ወደ ጾማችን እንምጣ። ከተማ ውስጥ ጾሙ ቀሏል የሚሉ አሉ። የጾም ኬክ አለ፣ የጾም ፒዛ አለ፣ የጾም ማኪያቶ አለ። (የጾም ማኪያቶ አረፋው ከፍስኩ ይበልጣል ይባላል፤ እኔ አልቀመስኩትም።) ይህን ማንሣቴ ለመንቀፍ አይደለም፤ ሥራ ቦታ የሚውል ሰው የሚበላው ያስፈልገዋል፤ እስከ ስንት ሰዓት እንደሚጾምም ከንስሐ አባቱ ጋር ይመካከር። ነገር ግን ስምንቱን ሳምንት ከወተት ተከልክለን ከሰው ጋር ሳንታረቅ ከጨረስነው ምን አተረፍን? በዚህ ጾም ቤተ ክርስቲያን ከበሮውን ታስቀምጠዋለች፤ ጸናጽሉም ዝም ይላል፤ ሊቃውንቱ በመቋሚያ ብቻ ይዘምራሉ። ድምፅ የሚቀነሰው ልብ እንዲሰማ ነው። እኛም ከበሮ አለን፤ ኪሳችን ውስጥ የሚንጫረር። ማታ አንድ ሰዓት ስልካችንን አጥፍተን ብንቀመጥ ያ የምንሸሸው ጸጥታ ይመጣል፤ ያስፈራል። የሚያስፈራውም በውስጡ የተሸሸገ ስላለ ነው፤ ያኮረፍነው ወንድም፣ ሳንቀብረው የቀረን ዘመድ፣ ያላለቀስነው ልቅሶ። ጌታችን ስንጸልይ ወደ እልፍኛችን ገብተን በር እንድንዘጋ ሲያዝዝ (ማቴ. 6፥6) በር የምንዘጋው በሰው ላይ አይደለም። በውስጥ ከእግዚአብሔር ጋር የተገናኘ ሰው በሩን ሲከፍት ጎረቤቱን ያየዋል።

የንስሐ አባት የሌላችሁ፣ በስም ብቻ ያላችሁ ብዙ ናችሁ። ከተማ ውስጥ አንድ ካህን የሚይዛቸው የንስሐ ልጆች እጅግ ብዙ ናቸው፤ ካህኑ አልመጡም ብላችሁ ከማማረራችሁ በፊት አዲሱን ቤታችሁን አሳይታችኋቸዋል ወይ? ሰፈር ስትቀይሩ ለዕቃ ጫኚው ስንት ጊዜ ደውላችኋል! ለንስሐ አባታችሁስ? አባቶች ጠበል ለመርጨት መጥተው ሕንፃው ሁሉ አንድ ዓይነት ሆኖባቸው፣ ብሎክ ከብሎክ ተደባልቆባቸው ሲመለሱ አይቻለሁ። ደውሉላቸው፤ ወርዳችሁም ተቀበሏቸው። መፃጉዕ ወደ ውኃው የሚያወርደው ሰው አልነበረውም። ለእናንተ ግን እጃችሁን ይዞ ወደ ንስሐ የሚያወርድ ሰው ቤተ ክርስቲያን ሰጥታችኋለች።

አንድ ነገር ደግሞ ልጨምር። በቅዳሴ መካከል ዲያቆኑ እርስ በርሳችን ሰላምታ እንድንሰጣጣ ያውጃል። እኛ ከፊት ስለምንቆም እናያለን፤ ሕዝቡ ወደ ግራ ወደ ቀኝ ጎንበስ ጎንበስ ይላል፤ ግን ዓይኑ መሬት ላይ ወይም መጋረጃው ላይ ነው። ከአጠገቡ የቆመውን ሰው ፊት ሳያይ ሰላም ይለዋል። ምናልባት እኮ ያ ሰው በሳምንቱ ውስጥ ሌላ ሰላም የሚለው አላገኘም! ፊቱን እዩት። መልኩን ያዙት። በሚቀጥለው እሑድ ሲቀር ቀረ ለማለት እንኳ መጀመሪያ መኖሩን ማወቅ ያስፈልጋል።

መፃጉዕ በኋላ ምን ሆነ? ጌታ ተነሣ፣ አልጋህን ተሸክመህ ሂድ አለው፤ ሄደም። ውኃው ውስጥ አልገባም፤ ሰልፉንም አልጠበቀም። የፈወሰው ማን እንደሆነ እንኳ ዞር ብሎ አልጠየቀም ነበርና አይሁድ ሲጠይቁት አላወቀም። ጌታ ግን ከዚያ በኋላ በመቅደስ አገኘው፤ ከዚህ የባሰ እንዳያገኘው ዳግመኛ እንዳይበድል መከረው (ዮሐ. 5፥14)። ሊቃውንቱ እንደሚያስተምሩት በሊቀ ካህናቱ ፊት ጌታችንን በጥፊ የመታው (ዮሐ. 18፥22) ይኸው ሰው ነው። 38 ዓመት ሰው የለኝም ብሎ ያለቀሰ፣ ሰው የሆነለትን አምላክ መታው። ይህን ስሰማ ሁልጊዜ የማስበው ከመጠመቂያው ዳር ተነሥተን ስለ ሄድነው ነው። ትናንት ሰርቪስ ቤት ተከራይተን፣ የኪራይ ወር ሲደርስ እየተሳቀቅን፣ አንድ ሰው ደጃችንን ቢያንኳኳ ብለን ያደርን ነን። ዛሬ ቤቱ ተገኘ፤ ያች ሰርቪስ ቤት አሁን የእኛ ግቢ ውስጥ ናት፤ ውስጧም ሌላ ልጅ ተኝቷል። መብራቱን የምንቆጥርበት እኛ ሆነናል።

ከዚህ እሑድ እስከ ትንሣኤ አምስት እሑድ ይቀራል። በሚቀጥለው ቅዳሴ ከውጪ ከሚቆሙት፣ ብቻቸውን መጥተው ብቻቸውን ከሚመለሱት አንዱን ጠጋ በሉት። ሰንበቴ ቤቱ ክፍት ነው፤ ዳቦውና ቆሎው ይበቃል። አስቀምጡትና የክርስትና ስሙን ጠይቁት፤ የእናንተንም ንገሩት። ቤት ስትመለሱም ከመብላታችሁ በፊት ወጥ ቤት ግቡና እዚያ ያለችውን ልጅ እንዲሁ ጠይቋት፤ በሚቀጥለው እሑድ ሽሮውን ማን ሠርቶ እርሷ እንደምታስቀድስም አብራችሁ ተነጋገሩ።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር
ወለወላዲቱ ድንግል
ወለመስቀሉ ክቡር። አሜን።